የዘጠኝ ቀፎ ንብ፣ የአንዲት ጣዝማና የሁለት ሽማግሌዎች ጉዳይ

ዛሬ ቅዳሜ ኅዳር 14 ቀን 2017 ዓ.ም.፣ ከጊንጪ ከተማ ወጣ ብሎ ከጭልሞ ደን ግርጌ በሚገኘው በአያቴ በኦቦ ዱጋሳ ቤት፣ እኔ ሃዋኒ ጂራ ዱጋሳ፣ ዕድሜዬ አሥራ ሰባት ዓመት ከአራት ወር የሆነኝ፣ ማንም ሳያስገድደኝና ማንም ሳያባብለኝ፣ በሙሉ አእምሮዬ ሆኜ የሚከተለውን ተናዝዣለሁ።

አእምሮዬን የሚጠራጠር ቢኖር ይህን ይወቅ፦ በሚመጣው ሳምንት አዲስ አበባ ላይ የሚከፈተው ደረቴ እንጂ ጭንቅላቴ አይደለም። በልጅነቴ የያዘኝ የጉሮሮ ሕመም ወደ ልቤ ወርዶ አንዱን የልቤን በር አጥብቦታል። ሐኪሞቹ ያንን በር ሊጠግኑ ነው። «አብዛኞቹ ታካሚዎች በደህና ይመለሳሉ» ብለውኛል። እኔም የቀሩት ጥቂቶቹ ንብ ያላቸው ሰዎች ቢሆኑስ ብዬ ይህን አጽፌአለሁ።

ኑዛዜ የሚለውን ቃል ስጠራ ሴት አያቴ እማማ ወለተ ማርያም «ሟርተኛ! ምላስሽን ሰብስቢ!» ብለው ነበር። ለሦስት ቀን ባኮ የሚሄድ ሰው እንኳ ላሙን ማን እንደሚያልብለት ሳይናገር አይወጣም ብዬ መለስኩላቸው። «ላምና ንብ አንድ ነው?» አሉ። አይደለም። ላም ስትራብ ትጮኻለች፤ ንብ ስትራብ ጥላችሁ ትሄዳለች።

ይህን የሚጽፉልኝ የባዮሎጂ አስተማሪዬ ቲቸር ዘርትሁን ናቸው። በዚህ ቤት የሚባለውን ሁሉ፣ ሳቅም ይሁን ጠብ፣ ሳያሳምሩ እንዲጽፉ ቃል አስገብቻቸዋለሁ። ምስክሮቼ አራት ናቸው፤ የጤና ጣቢያችን ሲስተር ጣቢታ፣ የዕድሩ ዳኛ ኦቦ ዋቆ፣ ባለፈው ወር አሥራ ስምንት ዓመት ሞልቶት ከዚያ ወዲህ ድምፁን አወፍሮ የሚናገረው የክፍላችን አለቃ ሮብሳን፣ እና አጥር የሚለየን ጎረቤታችን ኦቦ ሌንጂሳ።

ኦቦ ሌንጂሳ ወደዚህ ቤት ሲገቡ ከዘጠኝ ዓመት ወዲህ ዛሬ የመጀመሪያቸው ነው። በሩ አጠገብ፣ በምስክሮቹ አግዳሚ ጫፍ ላይ፣ አንድ እግራቸውን ወደ ውጭ አድርገው ተቀምጠዋል። አካኮ ብዬ የምጠራቸው ወንድ አያቴ ኦቦ ዱጋሳ ደግሞ በወዲያኛው ግድግዳ ካለው መደብ ላይ ሆነው የጣሪያውን እንጨት ይቆጥራሉ። ሁለቱ አይነጋገሩም። ለቅሶ ቤት እንኳ አንዱ ከድንኳኑ በቀኝ ከገባ ሌላው በግራ ይገባል። የዚህ ኑዛዜ ዋና ጉዳይ ሰኞ ከመሄዴ በፊት ይህን ነገር ማብቃት ነው። ካላበቃ ንቦቼ ያልቃሉ፤ እኔም እየፈራሁ እሄዳለሁ። የምፈራው ምን እንደሆነ በአምስተኛው ላይ እናገራለሁ። እስከዚያ ማንም እንዳይወጣ እማማን በር ላይ አስቀምጫለሁ።

አንደኛ፦ ወራሽ የሚወርሰውን ማወቅ ስላለበት የንቦቼን ጠባይ እናገራለሁ።

ዘጠኝ ቀፎ አለኝ። አምስቱ ዘመናዊ የሣጥን ቀፎዎች ናቸው። ሦስቱ አካኮ ከሸምበቆ ሠርተው በእበት መርገው የሰጡኝ ናቸው። አንዱን አባቴ ጂራ ጭልሞ ውስጥ ዝግባ ላይ ሰቅሎልኛል። በሣጥኖቹ ያሉት ወደ ቢጫ የሚያደሉ ናቸው፤ ካላጣደፏቸው አይቆጡም። የጭልሞዎቹ ጥቋቁር ናቸው። ከደኑ ጥላ ይሁን ከአስተዳደግ ጉድለት አላውቅም፣ ሰላምታም አይቀበሉም። ሽቶ የተቀባን ይነድፋሉ፣ ያላበውን ይነድፋሉ፣ ጠላ የጠጣውን ይነድፋሉ። ኦቦ ዋቆ በአንድ ቀን በሦስቱም ምክንያት ተነድፈዋል።

ኦቦ ዋቆ «ጠላ አልጠጣሁም ነበር!» ብለዋል። ይጻፍላቸው። ንቧ ግን ምስክርነቷን ሰጥታ ሞታለች።

ንብ ከክፍሏ ስትወጣ የመጀመሪያ ሥራዋ የተወለደችበትን ክፍል መጥረግ ነው። ከዚያ ሕፃናት ትመግባለች። ከዚያ ሰም ትሠራለች። ከዚያ በር ትጠብቃለች። ሩቅ ሄዳ አበባ የምትቀስመው፣ ዝናብም ወፍም የሚያገኛት፣ በመጨረሻ ካረጀች በኋላ ነው። በንብ ቤት አዛውንት ዛፍ ጥላ ሥር ተቀምጦ ልጁን ውኃ ቅዳ አይለውም። ይህን ስል ማንንም አስቤ አይደለም። (አካኮ ጣሪያውን መቁጠር ለአፍታ አቁመዋል።)

ድንጉላ የሚባለው ወንዱ ንብ ዓይኑ ትልቅ፣ ድምፁ ትልቅ ነው፤ መንደፊያ የለውም። አይቀስምም፣ አይሠራም፣ አይጠብቅም። እኩለ ቀን ላይ ወጥቶ ይዞራል፤ ሲርበው ይመለሳል። አበባ ሲያልቅ፣ ልክ በዚህ ሰሞን፣ ሴቶቹ ክንፉን ይዘው ጎትተው ደጅ ይጥሉታል። አጎቴ ቀንዓ ዩኒቨርሲቲ ጨርሶ ከተመለሰ ይህ ሦስተኛ ኅዳሩ ነው። የዚህ ቤት ሴቶች እስካሁን ታግሠዋል።

አውራዋን በተመለከተ፦ አካኮ ስልሳ ዓመት ሙሉ ወንድ ነው ብለው ያመኑባት አውራ፣ ሴት ናት። እንቁላል ስትጥል በዓይናቸው አሳይቻቸዋለሁ። ጎንበስ ብለው ረጅም ጊዜ ተመለከቱ። ከዚያ ቀና ብለው «አይቻለሁ፤ ግን እሱ ነው» አሉኝ።

ሁለተኛ፦ ከጓሮው እርከን ሥር፣ መሬት ውስጥ፣ ጣዝማ አለች። አንዷ ከምስር ፍሬ ብዙም አትበልጥም። አትናደፍም። የቤቷ መግቢያ ከሰም የተሠራች፣ ከስክሪብቶ የምትቀጥን ቱቦ ናት፤ የማያውቅ ሰው ረግጧት ያልፋል። ማሯ ቀጭንና ኮምጠጥ ያለ ነው፤ ለመድኃኒት ይፈለጋል። ከታመምኩ ወዲህ በዚህ ቀበሌ ያለ ሽማግሌ ሁሉ «ጣዝማው ይቆፈርላት» ብሏል። ኦቦ ዋቆማ አካፋቸውን ትከሻቸው ላይ አድርገው መጥተው ነበር። እኔ እምቢ አልኩ። ልቤ በአንድ ማንኪያ ማር እንደሚድን ማንም አያውቅም፤ ጣዝማዋ በአካፋ እንደምታልቅ ግን ሁሉም ያውቃል።

ጣዝማዋን ለእናቴ ለሲንቄ ሰጥቻለሁ። ምክንያቱም እናቴ አንድን ነገር ሳትነካው መውደድ የምትችል፣ እኔ የማውቃት ብቸኛ ሰው ናት። ስድስት ወር ሙሉ፣ ተኝቻለሁ ብላ ስታስብ፣ መተንፈሴን ለማየት በሩ ላይ ቆማ ስትመለስ አይቻለሁ። አንድም ቀን አልቀሰቀሰችኝም። ለጣዝማዋም እንዲሁ ታድርግላት፤ ጠዋት ጠዋት ቱቦዋ ላይ ቅጠል እንዳይወድቅ ትመልከት፣ ከዚያ ትመለስ።

እናቴ ይህን ስትሰማ ወደ ጓዳ ገባች። ቲቸር ዘርትሁን «እስክትመለስ እንቆይ?» አሉ። ይቀጥሉ። ግድግዳው ጭቃ ነው፤ ትሰማናለች።

ሦስተኛ፦ በበረንዳው ወራጅ ውስጥ ክብ ቀዳዳ የበሳችው ትልቋ ጥቁር፣ እማማ ጥንዚዛ የሚሏት፣ ንብ ናት። አውራ የላት፣ ሠራተኛ የላት፣ ብቻዋን ትኖራለች። እንጨት ቆፍራ ለእያንዳንዱ ልጇ ክፍል ትሠራለች፣ ስንቁን ታስቀምጣለች፣ በሩን ዘግታ ወደ ሌላው ታልፋለች። ነጭ ጋዝ እንዳይፈስባት። እማማ «ወራጁ ሲወድቅ ንቧ ትደግፈው?» ብለዋል። ወራጁን የበላው ምስጥ ነው፤ እሷ ተከራይ ናት።

የእማማን ጽጌረዳ ቅጠል ጠርዝ ጠርዙን በክብ እየቆረጠ የሚወስደውም የኦቦ ሌንጂሳ ዶሮ አይደለም። እሷም ንብ ናት። ቅጠሉን የምትወስደው ለልጆቿ መጠቅለያ ነው። ዶሮ በኮምፓስ አይቆርጥም። እማማ ለአራት ዓመት በድንጋይ ሲያባርሯት የኖሩትን ዶሮ ይቅርታ ይጠይቁ። ሁለቱንም ንቦች፣ ማለትም የወራጁንና የጽጌረዳዋን፣ ለእማማ ሰጥቻለሁ፤ የራስ ንብረት ላይ ነጭ ጋዝ የሚያፈስ ሰው የለምና።

አራተኛ፦ የንብ ልብሴንና ጓንቴን ለአጎቴ ለቀንዓ ሰጥቻለሁ። ሱሪው ያጥረዋል። በቀፎዎቹ ፊት ያለውን ሣር ይጨድ፤ ጉንዳን እንዳይወጣ በየእግራቸው ሥር አመድ ይነስንስ።

አምስተኛ፦ ዕዳዬን እናገራለሁ።

በ2007 ዓ.ም. ክረምት የኦቦ ሌንጂሳ ባለቤት አደ ጋዲሴ አረፉ። እኔ ስምንት ዓመቴ ነበር። አደ ጋዲሴ ሲስቁ እኛ ቤት ድረስ ይሰማ ነበር። ከእሳቸው በኋላ ያ ቤት ጸጥ አለ። ኦቦ ሌንጂሳ ከእርሻ ሲመለሱ፣ ለሚስታቸው ብለው የሠሩት ባዶ ቀፎ ፊት በርጩማ ላይ ይቀመጣሉ። አንድ ቀን በአጥሩ ቀዳዳ «ምን እየጠበቁ ነው?» ብዬ ጠየቅኋቸው።

«ድምፅ» አሉኝ።

አካኮ መንጋ የሚጠሩበት ቅመም አላቸው። ባዶ ቀፎ በወይራ ጢስ ያጥናሉ፤ ኮሰረትና ጠጅ ሣር ከአሮጌ ሰም ጋር አሽተው ውስጡን ይቀባሉ። አንድ ሌላ ነገርም ይጨምራሉ፤ እሱን ለገዛ ልጆቻቸው አልነገሩም። ለእኔ ነገሩኝ፤ የስምንት ዓመት ልጅ ምን ታደርገዋለች ብለው ነው። ያደረግሁት ይህን ነው፦ ከቅመሙ አንድ እፍኝ ሰርቄ፣ በአጥሩ ቀዳዳ ሾልኬ፣ የኦቦ ሌንጂሳን ቀፎ እጄ እስከደረሰበት ድረስ ቀባሁት።

በሦስተኛው ቀን ቃኚዎቹ መጡ። መንጋ ከመነሣቱ በፊት ያረጁት ንቦች ቤት ሊያዩ ይወጣሉ፤ በሩን ይለካሉ፣ ውስጡን ይዞራሉ፣ ተመልሰው ወዴት እንደሆነ በጭፈራ ይናገራሉ። በአምስተኛው ቀን የአካኮ ትልቁ ቀፎ ተነሣ። አሮጊቷ አውራ ቤቷን ከነማሩ ለልጇ ትታ፣ ከሕዝቧ ግማሹን ይዛ ወጣች። አካኮ ቆርቆሮ እየደበደቡ፣ አፈር እየበተኑ ተከተሏት። ደመናው አጥሩን ተሻግሮ የኦቦ ሌንጂሳ ቀፎ ውስጥ ገባ።

በሰፈራችን ወግ መንጋ የገባለት ሰው ከመጀመሪያው ማር ግማሹን ለባለ መንጋው ይሰጣል፤ ነገሩም በሳቅ ያልቃል። ኦቦ ሌንጂሳም «ዱጋሳ፣ ና! ግማሹ ያንተ ነው!» ብለው ይስቁ ነበር። ከክረምቱ ወዲህ ሲስቁ ያኔ ገና መጀመሪያቸው ነው። አካኮ ግን ጎንበስ ብለው የቀፎውን አፍ አሸተቱ።

«ይህ የኔ ቅመም ነው» አሉ። «ምስጢሬን ሰርቀህ ንቤን ጠራኸው።»

«ዋቃ ያውቃል፣ አልነካሁትም።»

«አፍንጫዬ ዋሸኝ በላ!»

በጎረምሳነታቸው አንዱ ዛፍ ሲወጣ ሌላው ገመድ እየያዘ ጭልሞን ያካለሉ ሁለት ሰዎች በዚያ ቀን ተለያዩ። ሽማግሌ ሦስት ጊዜ ተቀመጠ። ኦቦ ሌንጂሳ «ባላደረግሁት ይቅርታ አልልም» አሉ፤ ልክ ነበሩ። አካኮ «የሸተተኝን አልክድም» አሉ፤ እሳቸውም ልክ ነበሩ። ጥፋተኛዋ መደቡ ሥር ተቀምጣ የሽማግሌዎቹን ቆሎ ትበላ ነበር።

ዝም ያልኩት በመጀመሪያው ቀን ዱላ ፈርቼ ነው። በሁለተኛው ቀን ግን አካኮ ባርኔጣቸውን አውልቀው ደጅ ቆሙ፣ ፊታቸውን ወደ ጭልሞ አዞሩ፣ «ምስጢሬን ያወጣ ሰው ልቡ አይረፍ» ብለው ረገሙ። በሽማግሌ እርግማን የሚቀልድ በዚህ አገር የለም፤ እኔ እንኳ አልቀልድም። በአሥር ዓመቴ ልቤ ታመመ።

ሲስተር ጣቢታ እጃቸውን አንሥተዋል። «ባክቴሪያ ነው፣ ሃዋኒ። ስንት ጊዜ ልንገርሽ?» ብለዋል። አውቃለሁ፣ ሲስተር። ፈተና ላይ ቢመጣ ባክቴሪያ ብዬ እሞላለሁ፤ ሙሉ ማርክም አገኛለሁ። ነገር ግን ማዳመጫውን ጆሮዬ ላይ አድርገው ልቤን ያሰሙኝ ቀን ያስታውሳሉ? ከምቱ ኋላ እፍ እፍ የሚል ድምፅ ነበረው፤ ጆሮን ቀፎ ላይ እንደማስጠጋት። ያኔ በልቤ ባክቴሪያ አላልኩም። ደረሰብኝ ነው ያልኩት። ይህን ለሰባት ዓመት ለማንም አልተናገርኩም፤ አካኮ የረገሙት ማንን እንደሆነ ቢያውቁ ከእኔ ብሰው ይታመማሉ ብዬ ነው። አሁን የምናገረው እርግማኑ እንዳለ ሆኖ ደረቴ እንዳይከፈት ነው።

ኦቦ ሌንጂሳ፣ ንቡን የጠራሁት እኔ ነኝ። ቤትዎ ድምፅ እንዲኖረው ፈልጌ ነው። አካኮ፣ ምስጢርዎን ያወጣሁት እኔ ነኝ። ሁለታችሁም ይቅር በሉኝ።

እዚህ ላይ ቲቸር ዘርትሁን ስክሪብቷቸውን አስቀመጡ። ያንሡት አልኳቸው። ዝምታውም ይጻፍ፤ ሮብሳን ሰዓቱን አይቶ «አራት ደቂቃ» ብሏል። ድምፁ ቀጥኖ ነበር።

ስድስተኛ፦ ዘጠኙንም ቀፎ ለኦቦ ዱጋሳና ለኦቦ ሌንጂሳ በአንድነት ሰጥቻለሁ። መከፋፈል ክልክል ነው። ቀፎ ሲከፈት አንዱ ማጨሻውን ይያዝ፣ ሌላው ክዳኑን ያንሣ። ጢስ ሲሸታቸው ንቦቹ ደን የተቃጠለ መስሏቸው ማር እስኪጠግቡ ይጠጣሉ፤ የጠገበ ንብ ደግሞ ለጠብ አይቸኩልም። ሁለቱ ሽማግሌዎችም ሥራ ከመጀመራቸው በፊት ምሳ ይብሉ። ማር ሜዳ ላይ አታንጠባጥቡ፤ አንዴ የቀመሰ የሌላ ቀፎ ንብ ደካማውን ቤት ሊዘርፍ ይመለሳል። የጭልሞው ቀፎ ከፍ ያለ ዝግባ ላይ ስለሆነ ቀንዓ ይውጣ፣ ሁለቱ ገመዱን ይያዙ። እነሱ ካልተነጋገሩ የሚወድቀው ቀንዓ ነው።

አጎቴ ቀንዓ «እኔን ማን ጠየቀኝ?» ብሏል። ድንጉላን የሚጠይቅ የለም።

ቲቸር ዘርትሁን በዚህ ጊዜ መነጽራቸውን አውልቀው «ችግር አለ» አሉ። «በሕጉ መሠረት ምስክር የሆነ ሰው በዚያው ኑዛዜ አይወርስም። ኦቦ ሌንጂሳ ወይ ምስክር ናቸው ወይ ወራሽ ናቸው።»

ይህን አላወቅሁም ነበር። ሳምንት ሙሉ ተንኮል ሸርቤ ሸርቤ በሕግ ተያዝኩ።

«ታዲያ የት ልቀመጥ?» አሉ ኦቦ ሌንጂሳ።

«ወራሽ በወዲያ ነው» አሉ ኦቦ ዋቆ፣ አካኮ ያሉበትን መደብ በዱላቸው እያሳዩ። «ምስክር በወዲህ። ሥርዓት ነው።»

ኦቦ ሌንጂሳ ተነሡ። ክፍላችን ጠባብ ነው፤ ሰባት እርምጃ ቢሆን ነው። እሳቸው ግን ከጊንጪ አምቦ በእግራቸው የሚሄዱ ያህል ፈጀባቸው። መደቡ ላይ ተቀመጡ። በሁለቱ መካከል አንዲት ድመት የምትተኛበት ያህል ቦታ ተረፈ።

ቀድመው የተናገሩት አካኮ ናቸው፤ ፊታቸውን ሳያዞሩ ነው።

«ያ ንብ አለ?»

«አለ። ሦስት ጊዜ ተዋልዷል።»

«ድምፁስ?»

«ቤቱን ሞልቶታል።» አሉ ኦቦ ሌንጂሳ። «የመጀመሪያው ማር ግማሹም አለ። በማሰሮ ከድኜ አስቀምጬዋለሁ። ረግቷል እንጂ አልተበላሸም።»

«ዘጠኝ ዓመት?»

«ያንተ ድርሻ ነዋ። የት ልወስደው?»

አካኮ ዱላቸውን ተደግፈው ተነሡ። ወደ እኔ የሚመጡ መስሎኝ ተስተካክዬ ተቀመጥኩ። እሳቸው ግን አልፈውኝ ሄደው በምስክሮቹ አግዳሚ ላይ፣ ባዶ በሆነው ቦታ ተቀመጡ።

«አካኮ፣ ያ የምስክር ቦታ ነው። እዚያ ከተቀመጡ አይወርሱም።»

«ሰምቻለሁ፤ ጆሮዬ ደህና ነው። ሽማግሌ ከልጅ ልጁ ወረሰ ሲባል የት ሰምተሻል? ቀፎው ሁሉ ለሌንጂሳ ይሁን። እኔ ምስክር ነኝ።»

«የምን ምስክር?»

«የረገምኩት እኔ እንደሆንኩ። ዛሬ የፈታሁትም እኔ እንደሆንኩ።» ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። «እንተላ ኮ፣ ልጄ፣ በዚያን ቀን ልቡ አይረፍ ስል አንቺ እኮ ቀሚሴን ይዘሽ ከጎኔ ቆመሽ ነበር።»

ቀሚስ የተባለው ጋቢያቸው ነው፤ ማረም አልደፈርኩም።

ኦቦ ሌንጂሳ በዚህ ጊዜ ከመደቡ ብድግ አሉ። «ማሎ፣ እባክህ ዱጋሳ! የልጅቷን ንብ ለብቻዬ አስታቅፈኸኝ አንተ ምስክር ልትባል? እኔስ የማን ሬሳ ጠባቂ ነኝ? ደህና ሆና ትመለሳለች፤ እኔም አልወርሳትም!» ብለው ተመልሰው መጡ፤ «ጠጋ በል» አሉ። አካኮ ጠጋ አሉ። አግዳሚው ለአራት ሰው የተሠራ ስለሆነ ሮብሳን ከጫፉ ወደቀ፤ አልተጎዳም።

ቲቸር ዘርትሁን ወረቀቱን አገላብጠው «አምስት ምስክር አለ፤ ለቀፎዎቹ ወራሽ የለም» አሉ። «እንዲህ ያለ ኑዛዜ አይቼ አላውቅም።»

«ማኅተሙን ታዲያ የት ላሳርፍ?» አሉ ኦቦ ዋቆ፣ ከገቡበት ጀምሮ ከእጃቸው ያልወረደውን የዕድሩን ማኅተም እያዩ። የዕድሩ ማኅተም ለዚህ እንደማያስፈልግ አራት ጊዜ ተነግሯቸዋል።

እናቴ ከጓዳ ወጣች። ከፊታቸው እንድንበረከክ ክንዴን ይዛ ረዳችኝ። ሁለቱ ሽማግሌዎች አንዳንድ እጃቸውን ራሴ ላይ ጫኑ፤ የኦቦ ሌንጂሳ እጅ ከላይ ሆኖ የአካኮን እጅ ያዘ። አካኮ ይላሉ፣ ኦቦ ሌንጂሳ ይቀበላሉ።

«የተናገርኩት ይመለስ።»

«ይመለስ።»

«ልብሽ ይረፍ።»

«ልብሽ ይረፍ።»

«የሚከፍትሽ እጅ ይባረክ፤ የሚዘጋሽም እጅ ይባረክ።»

«ይባረክ።»

በወጉም ቱፍ ቱፍ አሉብኝ። ሁለቱም ጥርስ ስለሚጎድላቸው ምርቃቱ እኔን አልፎ የቲቸር ዘርትሁን ወረቀት ላይ ደርሷል። በዚህ ገጽ ግርጌ ቀለሙ የተዘረጋጋው በዚህ ምክንያት ነው፤ እንደ ስርዝ ድልዝ ተቆጥሮ ኑዛዜውን ፈራሽ እንዳያሰኘው።

ሰባተኛና መጨረሻ፦ በስድስተኛው ተራ ቁጥር የተሰጡት ዘጠኝ ቀፎዎች ተቀባይ አጥተዋል። የተመረጡት ሁለት ወራሾች በገዛ ፈቃዳቸው፣ በምስክሮች ፊት፣ አንወርስም ብለዋል። ሌላ ሰው ልተካ ብዬ አንድ በአንድ ጠየቅሁ። እማማ «እኔን እንዳትጠሪኝ!» ብለው ከበሩ ላይ ጮኹ። አጎቴ ቀንዓ የወደቀውን ሮብሳንን ለማንሣት ጎንበስ ብሎ ሳይቀና ቀረ። እናቴ ራሷን ነቀነቀች። ስለዚህ ንብረቱ ባለቤቱ በሆንኩት በእኔ እጅ ይቆያል። ሁለቱ ሽማግሌዎች እስክመለስ ድረስ ጠባቂዎች ብቻ ናቸው። እኔም ሰኞ ሄጄ፣ ልቤን አስጠግኜ፣ የራሴን ቀፎ ራሴ ልከፍት ለመመለስ ግዴታ ገብቻለሁ።

ይህ ኑዛዜ በእኔ ተናጋሪነት ተጽፎ፣ በእኔና በአምስቱም ምስክሮች ፊት ከዳር እስከ ዳር ተነቦ፣ «አውራዋ ሴት ናት» ከሚለው ቃል በስተቀር ሁሉም የተስማሙበት ስለሆነ በፊርማችን አጽንተነዋል።

ተናዛዥ፦ ሃዋኒ ጂራ ዱጋሳ (ፊርማ)

ጸሐፊ፦ ዘርትሁን፣ አስተማሪ (ፊርማ)

ምስክሮች፦

ሲስተር ጣቢታ (ፊርማ)። ባክቴሪያ መሆኑ ይያዝልኝ ብለዋል፤ ተይዟል።

ሮብሳን፣ ዕድሜ 18 (ፊርማ)። ቆሞ ፈርሟል።

ኦቦ ዋቆ፣ የዕድር ዳኛ (ፊርማና፣ ሳይጠየቅ፣ ማኅተም)

ኦቦ ዱጋሳ (የጣት አሻራ)

ኦቦ ሌንጂሳ (የጣት አሻራ)። ቀለም ያለቀ ስለሆነ የኦቦ ዱጋሳን ጣት ከጣታቸው ጋር አሽተው አሳርፈዋል።